«ቤንቶስ» ስንል ማንን እየቆጠርን ነው?

በውሃ አካላት ሥነ ሕይወት ዘርፍ በሚቀርቡ የሁለተኛ ዲግሪ ጥናቶች ውስጥ «ቤንቶስ» የተባለው ቃል ብዙ ጊዜ በርእሱ ላይ ይሰፍራል፤ በዘዴ ምዕራፉ ይደጋገማል፤ በማጠቃለያውም ስለ ወንዙ ወይም ስለ ሐይቁ ጤንነት ፍርድ የሚሰጥበት ማስረጃ ይሆናል። ፍቺው ግን እምብዛም አይጻፍም። ቃሉ የታወቀ ስለሚመስል ጸሐፊው አያብራራም፣ አንባቢውም አይጠይቅም። ይህ ዝምታ የቃል ጉዳይ ብቻ ቢሆን ኖሮ ለቋንቋ ሰዎች በተተወ ነበር። በእኔ እምነት ግን ቁጥሮቻችንን ጭምር ያዛባል፤ በተለይም በወንዝ ጥራት ምዘና ላይ ከወንዙ መሬት ጋር የኑሮ ግንኙነት የሌላቸው ነፍሳት በቤንቶስ ስም እየተቆጠሩ ለተበከለ ወንዝ የማይገባውን ነጥብ ያስገኙለታል። ወደዚህ ለመድረስ ከቃሉ አመጣጥ መጀመር ያስፈልጋል።

ቃሉ የተወለደው በክርክር መካከል ነው። ጀርመናዊው ቪክቶር ሄንሰን እ.ኤ.አ. በ1887 በባሕር ውስጥ ተንሳፈው ውሃው ወደ ወሰዳቸው የሚሄዱትን ሕያዋን «ፕላንክተን» ብሎ ሰየማቸው፤ በ1889ም እነርሱን ለመቁጠር በአትላንቲክ ውቅያኖስ ላይ ሰፊ የምርምር ጉዞ መራ። «ኢኮሎጂ» የሚለውን ስያሜ በ1866 ያወጣው ኤርንስት ሄከል በዚህ ቆጠራ አላመነም። ፕላንክተን በባሕሩ ውስጥ እኩል ተሠራጭቶ ስለማይገኝ ከጥቂት ናሙና ተነሥቶ የውቅያኖስን ሀብት ማስላት አይቻልም ሲል በ1890 ባወጣው ጽሑፍ አጥብቆ ተከራከረ። በዚያው ጽሑፍ የባሕር ሕያዋንን በአኗኗራቸው ሲከፋፍል በራሳቸው ኃይል የሚዋኙትን «ኔክተን»፣ ከባሕሩ መሬት ጋር ተቆራኝተው የሚኖሩትን ደግሞ «ቤንቶስ» አላቸው። ቤንቶስንም በአንድ ቦታ ተተክለው በሚኖሩና እየተሳቡ ወይም እየተራመዱ በሚንቀሳቀሱ ለሁለት ከፈለው። ስለ ቆጠራ ትክክለኛነት በተነሣ ጠብ ውስጥ የተፈጠረ ቃል ከመቶ ሠላሳ ዓመታት በኋላ ቆጠራን ማዛባቱ የሚያስገርም ዕጣ ነው።

ከሄከል አከፋፈል መያዝ ያለበት ዋና ቁም ነገር መመዘኛው ነው። ቤንቶስ የአንድ የእንስሳ ዘር ስም አይደለም፤ የመጠን ደረጃም አይደለም። እንስሳም ሆነ አልጌ፣ ባክቴሪያም ሆነ ሰፍነግ፣ ኑሮው በውሃ ሥር ካለው መሬት ጋር የተሳሰረ ከሆነ ቤንቶስ ነው። በመሬቱ ላይ ተጣብቆ ሊኖር ይችላል፤ በላዩ ሊሄድ ይችላል፤ ደለሉን ቆፍሮ ውስጡ ሊቀበር ይችላል።

ስሙ የተወሰደበት የግሪክ ቃል የባሕርን ጥልቀት የሚያመለክት በመሆኑ አንድ የቆየ መሳሳት አብሮት ይጓዛል፤ ቤንቶስ ማለት «የጥልቅ ባሕር ሕይወት» ማለት ነው የሚል። ጥልቀትና መሬት ግን የተለያዩ ነገሮች ናቸው። በዳህላክ ደሴቶች ዙሪያ በሁለት ሜትር ውሃ ውስጥ የሚያድግ ኮራል ቤንቶስ ነው፤ በአራት ሺህ ሜትር ጥልቀት መሬቱን ሳይነካ የሚንሳፈፍ ጄሊፊሽ ቤንቶስ አይደለም። የጥልቁ ወለል ጥናት ታሪክ ለዚህ መሳሳት ሳያግዝ አልቀረም። ብሪታንያዊው ኤድዋርድ ፎርብስ በ1840ዎቹ መጀመሪያ በኤጅያን ባሕር ካደረገው ጥናት ተነሥቶ ከ550 ሜትር ገደማ በታች ሕይወት የለም የሚል መላ ምት አቅርቦ ነበር። ከ1872 እስከ 1876 ዓለምን የዞረችው «ቻሌንጀር» የተባለችው መርከብ ከብዙ ሺህ ሜትር ጥልቀት ሕያዋንን በማውጣቷ መላ ምቱ አበቃለት። በ1977 ደግሞ በጋላፓጎስ አቅራቢያ፣ በ2,500 ሜትር ገደማ ጥልቀት፣ ከምድር ውስጥ በሚፈልቅ ትኩስ ውሃ ዙሪያ ከፀሐይ ብርሃን ውጭ በኬሚካል ኃይል የሚተዳደር ማኅበረ ሕያዋን ተገኘ። ዜናው ሁሉ ከጥልቁ ስለመጣ ቃሉም ወደ ጥልቁ ያጋደለ ይመስላል። ለእኛ አገር ተመራማሪ ግን ነገሩ ግልጽ መሆን አለበት፤ የጣና ሐይቅ ጥልቀቱ ከ15 ሜትር አይበልጥም፣ የዝዋይ አማካይ ጥልቀት ሁለት ሜትር ተኩል ያህል ነው፣ የሻላ ደግሞ 260 ሜትርን ያልፋል። ሦስቱም ወለል አላቸው። ቤንቶስን በተመለከተ ጥያቄው በእያንዳንዱ ወለል ላይ ማን ይኖራል የሚለው ነው እንጂ የትኛው ይጠልቃል የሚለው አይደለም።

መመዘኛው አኗኗር በመሆኑ አንድ ሕያው በዕድሜው ወይም በሰዓቱ ምክንያት ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው ይሻገራል። ኮራል ተተክሎ ከመቅረቱ በፊት እጩ ከፕላንክተን ጋር ይንሳፈፋል። ከዚህ የሚልቀው አስቸጋሪ ጉዳይ በብዙ ሐይቆች የሚገኘው ካዎቦረስ የተባለው ዝንብ መሰል ነፍሳት እጭ ነው። የማላዊ ሐይቅን የሚያውቁ ሰዎች አዋቂዎቹ ነፍሳት እንደ ጭስ ከሐይቁ ላይ ሲነሡ ያያሉ። እጩ በብዙ ሐይቆች ቀኑን በደለሉ ውስጥ ተቀብሮ ይውልና ሲመሽ ወደ ላይ ወጥቶ ፕላንክተን ያድናል። ቀን በተወሰደ የደለል ናሙና ቤንቶስ ነው፤ ሌሊት በተጎተተ መረብ ፕላንክተን ነው። ናሙናው የተወሰደበት ሰዓት ካልተጻፈ ቁጥሩ ምን እንደሚነግረን አናውቅም።

ስለ ቦታና ስለ ነዋሪ መምታታት በአጭሩ ላንሣ። «ናሙናው ከቤንቶስ ተወሰደ» የሚል ዓረፍተ ነገር የተለመደ ነው። ቤንቶስ ግን ነዋሪው ነው፤ ቦታው ቤንቲክ ዞን ይባላል። ናሙና ከደለል፣ ከጠጠር፣ ከድንጋይ ይወሰዳል፤ በውስጡም ቤንቶስ ይገኛል ወይም አይገኝም። ቃሉ የወል ስም በመሆኑም «ቤንቶሶች» ማለት አያስፈልግም።

የመጠን ጉዳይ ግን እንዲህ በቀላሉ የሚታለፍ አይደለም። የዴንማርኩ ዮሐንስ ፒተርሰን በሃያኛው ክፍለ ዘመን መባቻ የታወቀ ስፋት ያለውን የባሕር መሬት ቆንጥጦ የሚያወጣ መሣሪያ ሠርቶ ቤንቶስን በካሬ ሜትር መቁጠር ሲጀምር የፈለገው ለዓሣ ምግብ የሚሆነውን ማወቅ ነበር። ለዚህ ዓላማ በወንፊት ላይ የሚቀረው በቂ ነበር። እስከ 1942 ድረስ በወንፊቱ ቀዳዳ ለሚያልፉት እንስሳት የተለየ ስም እንኳ አልነበራቸውም፤ በዚያ ዓመት ሞሊ ሜር የተባለች እንግሊዛዊት ተመራማሪ «ሜዮቤንቶስ» የሚለውን ስያሜ አወጣች። ዛሬ በተለመደው አከፋፈል በ0.5 ወይም በ1 ሚሊሜትር ወንፊት ላይ የሚቀረው ማክሮቤንቶስ፣ ከዚያ አልፎ በጣም በረቀቀ ወንፊት ላይ የሚያዘው ሜዮቤንቶስ፣ ሁሉንም የሚያልፈው ማይክሮቤንቶስ ይባላል። በባሕር ደለል ውስጥ ሜዮቤንቶስ በአንድ ካሬ ሜትር እስከ ሚሊዮን መቆጠሩ እንግዳ ነገር አይደለም፤ ከእነዚህም አብዛኛውን ጊዜ የሚበዙት ድቡልቡል ጥቃቅን ትሎች፣ ማለትም ኔማቶዶች ናቸው። በግማሽ ሚሊሜትር መረብ ሠርተን «የወንዙ ቤንቶስ በብዝኃነት ዝቅተኛ ነው» ብለን ስንጽፍ በቁጥር የሚበልጡትን ነዋሪዎች ሁሉ ሳናይ ፈርደናል። ሊባል የሚችለው «ከግማሽ ሚሊሜትር በላይ የሆነው» ብቻ ነው። በወንዝ ድንጋይ ላይ ያለው አዳላጭ አረንጓዴ ሽፋን፣ በውስጡም ያሉት ዲያቶሞች፣ በትርጉም ቤንቶስ ሆነው ሳለ በእኛ ጽሑፎች ውስጥ በዚህ ስም ሲጠሩ ብዙም አይታዩም። እንስሳ ብቻ ቤንቶስ የሆነ ይመስላል።

እስካሁን የተባለው የሚያጎድል ስሕተት ነው፤ መቆጠር ያለበትን አለመቁጠር። የሚጨምረው ስሕተት ከዚህ የባሰ መዘዝ አለው። በአገራችን የወንዝ ጥናቶች በሰፊው የሚሠራበት ዘዴ ወንዙ ውስጥ ቆሞ ድንጋዩንና ጠጠሩን በእግር እያመሱ በውሃው አቅጣጫ በተያዘ መረብ ማጥመድ ነው። መረቡ በዳር ባለው ሣርና በረጋው ውሃ ውስጥም ያልፋል። ሲወጣ በውስጡ የድንጋይ ሥር እጮች፣ አልቅቶች፣ ቀንድ አውጣዎችና ትሎች ብቻ አይገኙም፤ በውሃው ገጽ ላይ በረጃጅም እግሮቻቸው የሚንሸራተቱት ጌሪዴዎችና በጀርባቸው የሚዋኙት ኖቶኔክቲዴዎችም ይገኛሉ። ሁሉም በአንድ ብልቃጥ ይገባሉ፤ በአንድ ሰንጠረዥ ይሰፍራሉ፤ የሰንጠረዡ ርእስ «ቤንቲክ ማክሮ ኢንቨርቴብሬት» ይሆናል።

ጌሪዴ ከወንዙ መሬት ጋር ምን አለው? የሚኖረው በውሃው ገጽ ላይ ነው፤ የሚያድነው ከላይ የወደቁ ነፍሳትን ነው፤ የሚተነፍሰው አየር ነው። ኖቶኔክቲዴም አየር ከላይ ወስዶ በገላው ይዞ ይጠልቃል። ሁለቱም በውሃው ውስጥ የሟሟ ኦክሲጅን ቢያልቅ ብዙ አይጨነቁም። በቆሻሻ ጭነት ምክንያት ኦክሲጅን ሲጠፋ የመጀመሪያው ተጎጂ መሬቱ ላይ የሚኖረው፣ በስንጥቡ ወይም በቆዳው ከውሃው የሚተነፍሰው ነው። ቤንቶስን ለብክለት ምስክር አድርገን የመረጥነው ስለዚህ ነበር፤ ሸሽቶ አያመልጥም፣ አየርም ከላይ አይበደርም።

አሁን ወደ ቁጥሩ እንሂድ። በብሪታንያ በ1970ዎቹ መጨረሻ ተዘጋጅቶ በብዙ አገሮች የተሠራበት ቢኤምደብሊውፒ የተሰኘው የነጥብ አሰጣጥ ለእያንዳንዱ ቤተሰብ ብክለትን ባለመቋቋሙ ልክ ከ1 እስከ 10 ነጥብ ይሰጣል። ከደማቸው ቀይ ቀለም የተነሣ ቀያይ ሆነው የሚታዩ እጮች ያሉት ኪሮኖሚዴ 2፣ ኦሊጎኬታ የሚባሉት የደለል ትሎች 1፣ ሂሩዲኒዴ የተባሉት አልቅቶች 3 ያገኛሉ። ጌሪዴና ኖቶኔክቲዴ እያንዳንዳቸው 5 ናቸው። ከከተማ በታች ያለ፣ ፍሳሽ የበዛበት አንድ ወንዝ እናስብ። በመሬቱ ላይ የቀሩት ሦስቱ ብቻ ናቸው፤ ድምሩ 6፣ አማካዩ 2 ይሆናል። በዚያው መረብ ውስጥ ሁለቱ የገጽ ነፍሳት ከተገኙና ከተደመሩ ድምሩ 16፣ አማካዩ 3.2 ሆነ። ድምሩ ከእጥፍ በላይ አደገ። ወንዙ ግን ያው ነው፤ በመሬቱ ላይ አንድም አዲስ ነዋሪ አልተገኘም። ናሙናው ዳር ዳሩን በደንብ ስላካተተ ብቻ ወንዙ «ተሻሻለ»። ይህ ለማስረዳት የተሠራ ስሌት ነው፤ ነገር ግን አኃዞቹ የሥርዓቱ አኃዞች ናቸው፤ ማንም በራሱ ሰንጠረዥ ላይ ሊሞክረው ይችላል።

ለሥርዓቱ አዘጋጆች ፍትሕ ይሰጣቸው ዘንድ አንድ ነገር መታከል አለበት። እነርሱ ነጥቡን የሰጡት በወንዝ ውስጥ ለሚገኙ በዓይን ለሚታዩ አከርካሪ አልባ እንስሳት ሁሉ ነው፤ ስሙንም ቤንቶስ አላሉትም። ከወንዙ የተለያዩ ስፍራዎች የተሰበሰበውን ማኅበር በጠቅላላው መመዘን ራሱን የቻለ ትክክለኛ ዘዴ ነው። ችግሩ የሚመጣው ያንን ድምር «የወንዙ ቤንቶስ» ብለን ስለ ወንዙ መሬት ስንፈርድበት ነው። የደቡብ አፍሪካው ሳስ የተባለ ሥርዓት በአምስተኛው ዕትሙ ከድንጋይ፣ ከዕፀዋትና ከጠጠር፣ አሸዋና ጭቃ የተገኘውን ለየብቻ ያስመዘግባል፤ በመመዝገቢያ ቅጹም ላይ አየር የሚተነፍሱትን ቤተሰቦች በኮከብ ምልክት ይለያቸዋል። ለኢትዮጵያ ደጋማ ወንዞች የተዘጋጀ ኢትባዮስ የተባለ የነጥብ ሥርዓት አለን፤ በእርሱ የሚሠራ ተማሪም ይህንኑ የመለየት ልማድ ከሰንጠረዡ ጋር ቢያዛምድ የሚጨምረው ድካም ጥቂት ነው።

በዚህ ላይ ሁለት ተቃውሞዎች ሲነሡ ሰምቻለሁ። አንደኛው፣ የገጽ ነፍሳትን ካወጣን ከቀደሙት ጥናቶች ጋር ማነጻጸር አይቻልም የሚል ነው። መልሱ አይውጡ፣ ይለዩ የሚል ነው፤ ሁለት ድምር የጻፈ ሰው ከቀድሞውም ከአዲሱም ጋር ይነጻጸራል። ጌሪዴዎችም ቢሆኑ የሚናገሩት አላቸው፤ የውሃውን ገጽ ውጥረት የሚያላላ ሳሙናና ዘይት ይጎዳቸዋል። ምስክርነታቸው ስለ ገጹ ነው፤ ስለ መሬቱ አይጠየቁም። ሁለተኛው ተቃውሞ ድንበሩ ግልጽ አይደለም የሚል ሲሆን ይህኛው እውነትነት አለው። ኮሪክሲዴ የተባሉት ለምግብ ወደ መሬቱ ይወርዳሉ፣ ለአየር ወደ ላይ ይወጣሉ፤ ማንም ወደ አንዱ ቢመድባቸው ሌላው ሊከራከር ይችላል። ሆኖም አንድ አወዛጋቢ ቤተሰብ ስላለ ጌሪዴን ቤንቶስ ማለት የምሽት ወገግታ ስላለ ቀንና ሌሊት አይለይም እንደ ማለት ነው። ተመራማሪው የት እንደ መደበው ይጻፍ፤ ክርክሩ ከዚያ በኋላ የሰለጠነ ክርክር ይሆናል።

ጥናቶቻችን በእንግሊዝኛ ቢጻፉም ውጤታቸው ለአካባቢ ጽሕፈት ቤቶችና ለወንዙ ተጠቃሚዎች በአማርኛ ሲቀርብ ችግሩ ሌላ መልክ ይይዛል። የተለመደው አተረጓጎም «የውሃ ወለል ነፍሳት» ወይም «የባሕር ወለል ሕይወት» ነው። ወለል ለቤት ሲሆን የሚረገጠው መሬት ነው፤ ለውሃ ሲሆን ግን ነገሩ ይገለበጣል። ጣና ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ይገኛል ስንል ወለል ያልነው የባሕሩን የላይኛውን ገጽ ነው። አንዳንዶች ለዚሁ «ከባሕር ጠለል በላይ» ይላሉ፤ ሁለቱም በትምህርት ቤት መጻሕፍት ውስጥ አብረው ይኖራሉ። በዚህ ልማድ ያደገ አንባቢ «የውሃ ወለል ነፍሳት» ሲባል የሚታየው በውሃው ፊት ላይ የሚንሸራተተው ባለ ረጅም እግሩ ነው፤ ማለትም መቆጠር የሌለበት ያው ጌሪዴ። ትርጉሙ ስሕተቱን ከሰንጠረዡ አውጥቶ ወደ አንባቢው አእምሮ አስገባው። እኔም ከላይ «ወለል» ያልሁት ስለ ሐይቆች ጥልቀት እየተነጋገርን ስለ ነበር እንጂ ያለ ዐውዱ አልደፍረውም ነበር።

ሌሎች አማራጮችም እንከን አላቸው። ከግእዝ «ቀላይ» የሚለውን መውሰድ ያምራል፤ ነገር ግን እርሱም እንደ ግሪኩ ጥልቀትን ስለሚናገር የቆየውን መሳሳት ያድስብናል። «ግርጌ» ለሐይቅና ለባሕር የሚስማማ ቃል ነበር፤ የተራራ ግርጌ፣ የአልጋ ግርጌ እንደምንል። ለወንዝ ሲሆን ግን የወንዝ ራስጌና ግርጌ የምንለው ላይኛውንና ታችኛውን ተፋሰስ ነውና የአዋሽ ግርጌ ሲባል ሰሚው ወደ አፋር ያስባል። «የውሃ ሥር» ዓሣውንም ይጨምራል። ስለዚህ ቃሉን እንዳለ «ቤንቶስ» ብሎ መያዝና በመጀመሪያ በተጠቀሰበት ቦታ «በውሃ ሥር ካለው መሬት ጋር ኑሮውን ያቆራኘ ሕያው ሁሉ» ብሎ መፍታት የተሻለ ነው እላለሁ። ረጅም ነው፤ አንድ ጊዜ ብቻ ስለሚጻፍ ግን አይከብድም።

በነገራችን ላይ አጻጻፉ ከጥንቱ ልማድ ጋር ይስማማል። የግሪክን ስሞች ወደ ግእዝ ያስገቡት ሊቃውንት በአብዛኛው ሁለቱን የግሪክ «ት» ድምፆች በ«ት» እና በ«ጥ» ይለዩ ነበር፤ ጢሞቴዎስ በሚለው ስም ውስጥ ሁለቱም ጎን ለጎን ይገኛሉ። በቤንቶስ ውስጥ ያለው የቴዎስ «ት» ነው። በዚሁ ሕግ ፕላንክተንን ብንጽፍ ግን «ጵላንቅጦን» የሚመስል ነገር ስለሚወጣ ለባለ ፕላንክተኖቹ ልተወው።

ለዚህ መጽሔት አዘጋጆችና ለጓደኞቼ የማቀርበው ሐሳብ የተወሰነ ነው። በርእሱ ላይ ቤንቶስ የሚል ቃል ያለው ጽሑፍ ሲቀርብ የዘዴ ክፍሉ የወንፊቱን ወይም የመረቡን ቀዳዳ በሚሊሜትር ይናገር፤ ናሙናው ከድንጋይ፣ ከጠጠር፣ ከደለል ወይም ከዳር ዕፀዋት መወሰዱን ይለይ፤ የሐይቅ ናሙና ከሆነ ሰዓቱን ይጻፍ። በሰንጠረዡም ላይ አየር ተንፋሾቹ የገጽና የዋና ነፍሳት በአንድ የተለየ ዓምድ ይቀመጡ፤ ነጥቡም ከእነርሱ ጋርና ያለ እነርሱ ሁለት ጊዜ ይሰላ። ይህን ማድረግ የማይሻ ጸሐፊ በርእሱ ላይ «በዓይን የሚታዩ የወንዝ አከርካሪ አልባ እንስሳት» ብሎ ቢጽፍ አንድም ነገር አይጎድልበትም።